በስሜ የወለዱ ሴቶች

የዝውውር ደብዳቤው የገባው በእኔው እጅ ነው። በመንግሥት መሥሪያ ቤት የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነኝ፤ የሚገባውንም የሚወጣውንም ደብዳቤ የምመዘግበው እኔ ነኝ። ያን ቀን ጠዋት ከሙዲራችን፣ ከአለቃችን ማለቴ ነው፣ ቢሮ የመጣውን ክምር ይዤ ቁጥር ስሰጥ ስሰጥ አንዱ ላይ የራሴን ስም አየሁ። ቁጥር ሰጠሁትና ከዚያ አነበብኩት። ከሃያ ዓመት በላይ የሠራሁት ሥራ እንዲህ አድርጎኛል፤ መጀመሪያ ቁጥር፣ ድንጋጤ በኋላ።

ወደ መንደር 8 ተዛውረሻል ይላል። ከድንበሩ ማዶ ጦርነቱን ሸሽተው የገቡት ስደተኞች የሚያርፉበት ቦታ ነው። ምክንያቱም ተጽፏል፤ አማርኛም ትግርኛም ዓረብኛም የምትችል የመዝገብ ሠራተኛ ታስፈልጋለች። እውነት ነው፣ ሦስቱንም እችላለሁ። በእናቴ ጀርባ ታዝዬ ከጎንደር በኩል ድንበር የተሻገርኩ፣ ኡም ጋርጉር ካምፕ ውስጥ ከትግርኛ ተናጋሪ ልጆች ጋር አፈር ፈጭቼ ያደግኩ፣ ገዳሪፍ ተምሬ አባቴ በስንት ደጅ ጥናት ባወጣልን ጀንሲያ፣ በሱዳን ዜግነት ወረቀቱ፣ ሥራ የያዝኩ ሴት ነኝ።

ሰዎቹን ጠልቼ አይደለም እምቢ ያልኩት። እንዲያውም ልቤ ሂጂ ሂጂ ብሎኝ ነበር። ሰው ከየት እንደመጣ፣ ምን ጥሎ ምን ይዞ እንደመጣ ማወቅ እወዳለሁ። ባሌ «አንቺ የሰው ፋይል ካላነበብሽ ምግብ አይፈጭልሽም» እያለ ይስቅብኛል። ገበያ ውስጥ ልብስ ሰፊ ነው፤ እሱስ ከእኔ ይብሳል፣ ግን ያንን አያምንም።

ችግሩ ደረቴ ነው። አስም አለብኝ። ማሽላ ሲወቃ ገዳሪፍ አየሩ ሁሉ ገለባ ስለሆነ ያመኛል፤ ኸሪፍ ገብቶ ዝናቡ ሲጥል ደግሞ ይብስብኛል። በኸሪፍ ያ ጥቁር አፈር ይቀልጥና ወደዚያ የሚወስደው መንገድ ከትራክተር በቀር አያሳልፍም። ከጥቂት ዓመት በፊት ለሥራ ወጥተን መኪናችን ጭቃ ውስጥ ተቀርቅሮ ሳለ ያዘኝ። ባኻኼ፣ ያቺ በአፍ የምትሳበው መድኃኒቴ፣ እዚያው አለቀች። አንድ ገበሬ በትራክተሩ ጭኖ እስከ አስፋልቱ ባያወጣኝ ኖሮ ዛሬ ይህን የሚያወራ ሰው አይኖርም ነበር። ሆስፒታል ስደርስ ከንፈሬ ጠቁሮ ነበር አሉ። ስለዚህ ነገሩ ቀላል ነው፤ መንደር 8 ሆኜ ኸሪፍ መሐል ከያዘኝ እሞታለሁ። እንዲህ ብዬ ለባሌ ነገርኩት፣ ለሙዲሩም ነገርኩት።

ሙዲሩ ክፉ ሰው አይደለም። «እኔ ማስቀረት አልችልም። ማመልከቻ ጻፊና ቆምሲዮን ቅረቢ» አለኝ። ቆምሲዮን የምንለው የሐኪሞች ቦርዱን ነው፤ ይህ ሠራተኛ ታሟል፣ ያኛው አልታመመም ብለው የሚወስኑት እነሱ ናቸው። «የሕክምና ፋይልሽን ከሆስፒታል አውጪ። ፋይልሽ ይናገርልሻል።»

ፋይልሽ ሲል «እሺ» ብዬ ቶሎ ወጣሁ።

አሁን እውነቱን ላውራ። የመንግሥት ሠራተኛ ስለሆንኩ የሕክምና በጣቃ አለኝ፤ በጣቃ ካርድ ነው። በዚያን ጊዜ የነበረው ፎቶ የሌለበት፣ ስምና ቁጥር ብቻ የተጻፈበት ጠንካራ ወረቀት ነበር። እኔ ቤት ደግሞ ሰው ጠፍቶ አያውቅም። ከመተማ የመጣች፣ ከአርማጭሆ የመጣች፣ ሰሊጥ ልታርም መጥታ ወባ የጣላት፣ ወደ ካርቱም ልትሻገር መንገድ ላይ ጓደኞቿ የተዋት። ወረቀት የላቸውም። ወረቀት የሌለው ሰው ደግሞ ሆስፒታል ደጃፍ ሲደርስ ከበሽታው ይልቅ የሚያስፈራው ጥያቄው ነው። የመጀመሪያዋን ልጅ ትኩሳቱ ሲያስቀባዥራት አየሁና በጣቃዬን አውጥቼ «እኔ ነኝ በይ» አልኳት። ቶቤን፣ ያንን ረጅም የሴት መጎናጸፊያ፣ አልብሼ ፊቷን አስከናንቤ ላክኋት። ድና መጣች። ከዚያ ወዲያ ማን ያቆመናል።

ክፋት ነው ብሎ ያሰበ አልነበረም፤ እኛ ሰፈር ሞሶብ እንደመዋስ ነው የሚታየው። በጣቃዋ ስትወጣ የሚወጣ ትምህርት ግን ነበረኝ። የእናቴን ስም፣ የባሌን ስም፣ የመሥሪያ ቤቴን ስም አስጠናቸዋለሁ። «ዕድሜሽ ስንት ነው?» ስላት «ሃያ» የምትለኝን ልጅ እቆጣታለሁ። «አንቺ የሃያ ዓመት ልጅ፣ ዛሬ አርባ ሁለት ነሽ! ጎበጥ በይ፣ ወገብሽን ያዝ አድርጊ!» ስንቱን ስቀንበታል።

በስሜ ሦስት ልጆች ተወልደዋል። ሦስት ሴቶች በሦስት ዓመት ውስጥ እዚህ ቤት እርጉዝ ሆነው መጡ፣ በእኔ ስም ገብተው በእኔ ስም ወለዱ። እኔ በወለድኩ ቀን ከቤት አልወጣም፤ ሆስፒታል የተኛ ሰው ገበያ ላይ ሽንኩርት ሲመርጥ ከታየ ጉድ ይፈላላ! ከዓመት ፈቃዴ ላይ ሦስት ቀን ወስጄ፣ በሬን ዘግቼ፣ አልጋዬ ላይ ጋደም ብዬ ሬዲዮ ሳዳምጥ ነው ሦስቱንም የወለድኩት። አንዴ ሆስፒታሉ ውስጥ በጽዳት የምትሠራ ሱዳናዊት ጎረቤቴ ስሜን እዚያ ሰምታ መዲዳ፣ ለአራስ የሚሠራውን አጥሚት፣ ይዛ ስትገባ ልብስ ሳጥብ ደረሰችብኝ። ዓይኗ ፈጠጠ። ሌላ መላ ሳጣ እውነቱን ነገርኳት። ወገቧን ይዛ ሳቀችና መዲዳውን አብረን ጠጣነው፤ በሁለተኛው ወር እሷም ለእህቷ በጣቃዬን ተዋሰችኝ።

እኔ ራሴ ወልጄ አላውቅም። ባሌም እኔም ስለዚህ ነገር ማውራት ካቆምን ቆይተናል። ሰው «ልጅ?» ሲለኝ «እግዚአብሔር ያውቃል» እላለሁ እንጂ «አልወለድኩም» የሚለው ቃል ከአፌ ወጥቶ አያውቅም።

ዝውውሩ በመጣበት ሰሞንም አንዲት ልጅ እኛ ጋ ነበረች። ከመተማ ወዲያ ካለ ቀበሌ የመጣች፣ ሰሊጥ ስታርም ከርማ ስምንተኛ ወሯን የያዘች። ባሏ ወደ ሊቢያ ቀድሟት ወጥቶ ድምፁ ከጠፋ ቆይቷል። ደንብ ነውና ስሟን አልነግራችሁም፤ ጨዋ ልጅ ናት፣ ግን ምላሷ ስል ነው። የእናቴን ስም አስቀድማ አጥንታለች። ባሌ ሲያሾፍባት «ማን ትባያለሽ?» ይላታል፣ እሷም የእኔን ስም እስከነ አያቴ ትለቀዋለች።

ፋይሌን ላወጣ ሄድኩ። ሰውየው ከመደርደሪያው ሲያወርደው ሁለት እጁን ተጠቀመ። ምን ላድርግ፣ ፋይል በክብደቱ የማውቅ ሴት ነኝ፤ ስቀበለው ነው የደነገጥኩት። በክር ታስሮ ማኅተም ያለበት ወረቀት ተለጥፎበታል። «ሳትከፍቺ ለቆምሲዮኑ» አለኝ። እሺ ብዬ ወጣሁና ግቢው ውስጥ ካለው የኒም ዛፍ ሥር ተቀመጥኩ። የራሴን ፋይል በሕይወቴ አይቼው አላውቅም። የስንቱን ሰው ሳገላብጥ ኖሬ! ወረቀቷን ማላላት ለእኔ ሥራ አይደለም። እግዜር ይቅር ይበለኝና ከፈትኩት።

አቤት ያነበብኩት ነገር! በሽታ በበሽታ ነው፣ ግን እያንዳንዱ ገጽ ሰው ነው። ወባ ስድስት ጊዜ፤ ማን ማን እንደሆኑ በቀኑ አወቅኋቸው። እግሯን ጊንጥ የነደፋት፣ ያቺ ዘፈን የምትወደው ናት። ትርፍ አንጀት ሁለት ጊዜ ወጥቶልኛል። ስኳር አለብኝ፣ በሚቀጥለው ገጽ ስኳር የለብኝም። የደም ዓይነቴ ሦስት ነው። «በጣም ታለቅሳለች፣ ምክንያቱን አትናገርም» የሚል አንድ መስመር አገኘሁ፤ ቀኑን ደጋግሜ ባየው ያን ሰሞን በጣቃዬን የወሰደችው የትኛዋ እንደነበረች ማስታወስ አቃተኝ። ቤቴ በልታ ጠጥታ፣ ከእኔ ጋር ስቃ አምሽታ፣ ለማላውቀው ሐኪም ሄዳ ያለቀሰችው ማን ናት? እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ከፊት በኩል ደግሞ፣ ከሁሉም በፊት፣ የእኔው ገጽ አለ። ገና ሥራ ስይዝ የሄድኩት። የማላውቀው ሐኪም በማላውቀው እጅ ጽፎታል፤ «ካገባች አራት ዓመት፣ ልጅ አልያዘችም፣ በጣም ተጨንቃለች»። ተጨንቃለች ብሎ መጻፉን አላውቅም ነበር። ለእኔ የነገረኝ «ገና ልጅ ነሽ» ብሎ ነው። እዚያው ዛፍ ሥር ሆድ ባሰኝ።

እውነቱን ለመናገር ገጾቹን ላወጣቸው አስቤ ነበር። የእኔ ያልሆነውን ነቅሎ ክሩን መልሶ ማሰር ለእኔ የእጅ ሥራ ነው፤ ማንም አያውቅም። ግን እጄ እምቢ አለኝ። ስንት ሰው አባብሎኝ፣ አስፈራርቶኝ፣ ከሰው ፋይል አንዲት ገጽ አውጥቼ አላውቅም። ከራሴ ፋይል እንዴት ልጀምር? እንደነበረ አሰርኩት።

በቀጠሮው ቀን ደግሞ ሌላ ሞኝነት ጨመርኩበት። ባለሥልጣን ፊት ተጎሳቁሎ መቅረብ በእናቴ ቤት ነውር ነው። ፀጉሬን ተሠራሁ፣ እጄን ሒና ተቀባሁ፣ ለሠርግ የማወጣትን ቶብ ለበስኩ። ልጅቷ አየችኝና «እትዬ፣ ታምሜያለሁ ልትይ ነው ወይስ ልትዳሪ?» አለችኝ። ሳቅኩ እንጂ አልገባኝም። በረክሻ፣ በባጃጅ፣ ሄድኩ።

ሦስት ሰዎች ናቸው። መሐል ሽማግሌ ሐኪም፣ በቀኙ ወጣት ሐኪም፣ በግራው ደግሞ ከሠራተኞች አስተዳደር የመጣች ሴትዮ፣ የሥራ ፋይሌን ይዛ። ሁለቱን ፋይሎቼን አንድ ጠረጴዛ ላይ ጎን ለጎን ሳያቸው ነው ነገሩ የገባኝ። የሥራው ፋይል መሥሪያ ቤት ነው፣ የሕክምናው ፋይል ሆስፒታል ነው፣ ሁለቱ ተገናኝተው አያውቁም፤ እንደማይገናኙም እርግጠኛ ነበርኩ። ያገናኘኋቸው እኔ ነኝ፣ በራሴ ማመልከቻ።

ሽማግሌው «እንዴት ነሽ? ጤና እንዴት ነው? ቤተሰብ? ደህና?» አለኝ፣ እንደ ሱዳን ደንብ።

«ተማም፣ አልሐምዱሊላህ፣ በጣም ደህና ነኝ» አልኩ። ሰላምታ ሲሰጡህ ሌላ ምን ይባላል? ወጣቱ ጻፈ። ደህና ነኝ አለች ብሎ ጻፈ ማለት ነው!

ሽማግሌው ፋይሉን ፈታው። መጀመሪያ ያገኘው ያንን የእኔን ገጽ ነው። መነጽሩን አስተካክሎ አነበበው፣ ወደ ኋላ አገላበጠ፣ ቀና ሲል ፊቱ በርቷል። «ማሻላህ! ማሻላህ!» አለ። «አራት ዓመት ልጅ አጥታ የተጨነቀች ሴት፣ ይኸው በኋላ ሦስት ልጅ! አላህ ሲሰጥ እንዲህ ነው።» ከልቡ ነው የተደሰተልኝ። ሴትዮዋም ፈገግ አለችልኝ። «ታዲያ ለምን ደረቴ ደረቴ እያልሽ ትደክሚያለሽ?» አለ ሽማግሌው። «ትንሿ ገና ሁለት ዓመቷ ነው። የሕፃን እናት በኸሪፍ መንገድ ወደሚዘጋበት ቦታ አናዛውርም። ይኸው እጽፍልሻለሁ፣ ኸላስ፣ አለቀ።» እስክሪብቶውን አነሳ።

ምን እንደተሰማኝ አልደብቅም። መዳኔ አይደለም መጀመሪያ የተሰማኝ። ደስ አለኝ። ለአንድ ደቂቃ ያህል እዚያ ክፍል ውስጥ የሦስት ልጆች እናት ነበርኩ፤ ሐኪም መስክሮልኝ፣ መንግሥት አምኖልኝ። ቀጥ ብዬ ተቀመጥኩ። ቶቤን እንኳ አስተካከልኩ።

«አሁን ማን ጋ ናቸው? ስትሠሪ ማን ይይዝልሻል?» አለኝ፣ እየጻፈ፣ እንዲያው ለወሬ ያህል።

«እናቴ ጋ» ልል አፌን ከፈትኩ። እናቴ ከሞተች ቆይታለች፤ ውሸቱ ግን ምንም አልነበረም፣ ስንት ጊዜ ለሌሎች አስጠንቻለሁ። ያቃተኝ ሌላ ነው። ልጆቹ የት ናቸው? የመጀመሪያው ከእናቱ ጋር ወደ ካርቱም ሄደ፣ ከዚያ ወዲያ እዚያም ጦርነት መጣ። ሁለተኛው ከእናቱ ጋር ባሕር ተሻገሩ ተባለ፤ እናቱ አንዴ ደወለች፣ ደግማ አልደወለችም። ሦስተኛዋ፣ ሁለት ዓመቷ የተባለችው፣ እናቷ አንድ ቀን ጠዋት «መጣሁ» ብላ ይዛት ወጣች። በሕይወት አሉ? በልተዋል? ማንም ሰው እንዲህ ጠይቆኝ አያውቅም ነበር፣ እኔም ራሴን።

«አላውቅም» አልኩ።

«እንዴት አታውቂም?»

የአስተዳደሯ ሴትዮ የሥራ ፋይሌን ስታገላብጥ ነበር። «ዶክተር፣ ይቅርታ» አለች። «እዚህ አንድም የወሊድ ኢጃዛ የለም። ሦስት ወልዳ አንድ ቀን የወሊድ ፈቃድ አልወሰደችም። ይኸውልዎት፣ በወለደችበት ቀን ሁሉ የዓመት ፈቃድ ሦስት ሦስት ቀን ነው የወሰደችው።» ወደ እኔ ዞረች። «አንቺ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ሆነሽ!» አለችኝ። ከነገሩ ሁሉ ያሳፈረኝ ይቺ ናት።

ወጣቱ ሐኪም ደግሞ ቀይ ምልክት ያለበት ገጽ አወጣ። «ደረቷን ይዟት ድንገተኛ የገባችበት ቀን ይኸው» አለ። «ተረኛው ሐኪም ‹የሰባት ወር እርጉዝ ስለሆነች መድኃኒቱን አዘግይቻለሁ› ብሎ ጽፏል።» ዛፉ ሥር ሳገላብጥ ይህን ገጽ ዘልዬዋለሁ፤ ያን ጊዜ ነው እኔም የሰማሁት። ያ ቀን፣ ትራክተሩ ያወጣኝ ቀን ነው። ከንፈሬ ጠቁሮ ስገባ ሐኪሙ ፋይሌን ከፍቶ አንዲት እርጉዝ ልጅ አገኘና ፈራ። እኔ ደግሞ መናገር አልችልም ነበር። በዚያ ወር እርጉዟ የትኛዋ እንደነበረች አውቃለሁ፤ ቤቴ ተቀምጣ ለእኔ ስትጸልይ ነበር።

ሽማግሌው እስክሪብቶውን አስቀመጠ። «ሴትዮ» አለኝ፣ ፊቱ ጠቁሯል። «ስንት ልጅ ወልደሻል?»

ክፍሉ ሙቀት ነው፣ የጣሪያው ማራገቢያ ሲጥ ሲጥ ይላል። አሁን ወልጃለሁ ብል እቀራለሁ፣ እዚሁ ገዳሪፍ እቀራለሁ፣ በጣቃዬም ትቀራለች፣ ቤት ያለችውም ልጅ በሚቀጥለው ወር በሰላም ትወልድባታለች። ግን በሚቀጥለው ጊዜ ሲይዘኝ ያ ፋይል ይከፈታል። እስትንፋሴ አጥሮ አፌ ተዘግቶ፣ ስለ እኔ የሚናገረው እሱ ነው።

«ወልጄ አላውቅም» አልኩ። «አንድም አልወለድኩም።»

በዓረብኛ ነው ያልኩት፤ በአማርኛ ቢሆን ይወጣልኝ ነበር ወይ አላውቅም። ከዚያ እንባዬ መጣ፣ ከሁሉ የከፋው ደግሞ ሦስቱም እያዩኝ ነው። ሴትዮዋ ውሃ ቀዳችልኝ። በጣቃዬን አውሼ እንደነበረ ነገርኳቸው። ሽማግሌው ጮኸብኝ። እንደ አባት ነው የጮኸብኝ፣ «ልትሞቺ ነበር! እነሱም ሊሞቱ ነበር! በሌላ ሰው የደም ዓይነት ደም ቢሰጧቸውስ?» እያለ። ይህን አስቤው አላውቅም። ስንት ነገር አስጠንቼ የደም ዓይነት አላስጠናሁም።

ከዚያ ፋይሉን ከፊት ጀምሮ ገጽ በገጽ እያነሳ «ያንቺ ነው?» ይለኛል።

«የኔ አይደለም።»

«የማን ነው?»

«አላስታውስም።»

ሁለት ሦስት ጊዜ «የማን ነው?» አለና በአራተኛው ተወው። እንደማልናገር ገብቶት ነው፤ ዶክተሩ ዕድሜ የጠገበ ሰው ነው። የእኔ ባልሆነው ላይ ሁሉ በቀይ መስመር አሰመረበት፣ በእያንዳንዱም ጠርዝ ላይ አስፈረመኝ። ወሊዶቹ ላይ ስደርስ ሦስቴ ፈረምኩ። ሲያልቅ የእኔ ሆነው የቀሩት አራት ገጾች ናቸው። ያ ሁሉ ክብደት የሌላ ሰው ነበር።

ወጣቱ ሐኪም በአፍ የሚነፋ ቱቦ ሰጠኝ። «ባለሽ ኃይል ንፊ» አለኝ። ነፋሁ። ደግመሽ፣ አለኝ። ሦስቴ ነፋሁ። ቁጥሩን ለሽማግሌው አሳየው። ጀርባዬን በመስሚያው ሰሙት፣ እርስ በርስ በእንግሊዝኛ ተነጋገሩ። «ዛሬ ደህና ነኝ በምትልበት ቀን የምትተነፍሺው ይህን ያህል ነው?» አለኝ ሽማግሌው። «መጀመሪያውኑ ፋይሉን ትተን ብናስነፋሽ ኖሮ!» ሒናዬን አየና ራሱን ነቀነቀ።

ውሳኔው በሳምንቱ መጣ። ዝውውሩ በሕመም ምክንያት ተሰርዟል፣ ባለችበት ትሥራ። ከሥሩ ደግሞ ኢንዛር፣ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ፤ በጣቃዋም ተሰርዞ ፎቶ ያለበት ይሰጣት ይላል። ማስጠንቀቂያውን የሥራ ፋይሌ ውስጥ ያስገባሁት እኔው ነኝ፣ ሌላ የመዝገብ ሠራተኛ የለማ። ሙዲሩ እያየኝ ሳቁን ሊይዝ አልቻለም።

ቤት ስገባ ባሌ ፊቴን አይቶ «ምን አሉሽ?» አለ። ነገርኩት። የጠየቁኝን ጥያቄና የመለስኩትንም ነገርኩት። መርፌውን አስቀምጦ እጄን ያዘኝ። ለልጅቷ መንገር ነው ያስጨነቀኝ። ጓዳ ገብቼ አጠገቧ ተቀመጥኩ። «ልጄ፣ በጣቃው ቀርቷል» አልኳት። «በፎቶ ሆኗል። በእኔ ስም መውለድ የለም።»

ታለቅሳለች ብዬ ነበር። ሆዷን ይዛ ቀና አለች። «ፊቴን ሳልከናነብ መግባት እችላለሁ ማለት ነው?» አለችኝ።

«ይጠይቁሻል እኮ። ወረቀት የለሽም።»

«ይጠይቁኛ! የምመልሰው የራሴን ነው» አለችኝ። «እትዬ፣ አትቀየሚኝ። የእናትሽን ስም ሳጠና የእናቴን ስም የምረሳ እየመሰለኝ እፈራ ነበር።»

ወይ ጉድ! ስንቱን አስጠንቼ፣ ይህን የነገረችኝ እሷ ብቻ ናት። እኔ ያዳንኳቸው እንጂ ስማቸውን የወሰድኩባቸው መስሎኝ አያውቅም። እነዚያ ሦስት ሴቶች ወልደዋል፣ መውለዳቸው ግን የትም አልተጻፈም።

ምጧ የመጣው አንድ ቀን ረፋዱ ላይ ነው። ጎረቤቱ ለሕክምናው አዋጣ፣ ያቺ በጽዳት የምትሠራው ጎረቤቴም ቀድማ ሄዳ ነገረችልን። በረክሻ ይዣት ገባሁ። በወለድኩባቸው ቀናት ሁሉ እኔ እዚያ መታየት ስለማልችል የማዋለጃውን በር እንኳ አይቼው አላውቅም ነበር። መስኮቱ ላይ ያለው ጸሐፊ «ስም?» አለ። ልጅቷ ፊቷን ገልጣ ስሟን፣ የአባቷን፣ የአያቷን ስም ምጡ እያቋረጣት ነገረችው። ጸሐፊው ወረቀት ጠየቃት፣ የለኝም አለችው፣ አጉረመረመና ጻፈው። እኔ ዓይኔን ከእስክሪብቶው አልነቀልኩም፤ ፊደሉን ሳይሳሳት ነው የጻፈው።

በሩ ላይ አዋላጇ አስቆመችኝ። ትልቅ ሴት ናት። «አንቺ ምኗ ነሽ?» አለችኝ።

«አብራኝ የምትኖር ናት።»

«ወልደሽ ታውቂያለሽ?»

«አላውቅም» አልኳት። ሁለተኛ ጊዜዬ ነው፤ እንደ መጀመሪያው አልከበደኝም።

«እንግዲያው እንዳትደነግጪ። ራስጌዋ ቁሚና እጇን ያዢ» ብላ በሩን ከፈተችልኝ።

ያዝኩ። ጣቶቼን ልትሰብራቸው ደረሰች፣ ጮኸች፣ እናቷን በስሟ ጠራች። ከዚያ ሴት ልጅ መጣች፣ ቀይ፣ የተጨማደደች፣ ጭንቅላቷ ፀጉር ብቻ። አዋላጇ ገልብጣ ጀርባዋን መታ ስታደርጋት አለቀሰች። ሦስት ጊዜ ወልጄ፣ ልጅ ሲወለድ እንዲህ እንደሚጮህ አላውቅም ነበር።